የማላነሳው የወርቅ ጦር

ሰውዬው ኃይለኛ ነበር። ደረጃው ከ120 አልፏል፤ የያዘው ጎራዴ ከቁመቱ ይበልጣል፤ አራቱንም የክታብ ቦታ ሞልቷል። የቆመው ፋሩም አዙላ ላይ ነው፤ ማዕበል መሃል ተንጠልጥላ ቀስ እያለች የምትፈርስ ከተማ ናት። ኤልደን ሪንግ የሚባለውን የቪዲዮ ጌም ለሚያውቅ ሰው የጌሙ መጨረሻ ቀርቧል ማለት ነው። ያልተስተካከለው ነገር አንድ ብቻ ነበር፤ ጆይስቲኩን የያዝኩት እኔ የትኛው ቁልፍ ምን እንደሚሠራ ረስቻለሁ።

ያቆምኩት ቡና ሲደርስ ነው። ጥቅምት ላይ አጎቴ ከጎማ ወረዳ ደውለው «ለቃሚ ጠፋ፤ አንተም ና» ሲሉኝ ሁሉን ትቼ ሄድኩ። እሸቱ ተለቅሞ፣ አልጋ ላይ ተሰጥቶ፣ ሌሊት ሌሊት ተጠብቆ፣ ጀንፈሉ ጆንያ እስኪገባ ድረስ ጅማን ያየኋት በጨረፍታ ነው። ጥር ላይ ሥራው አልቆ ቤቴ ስገባ ከሁሉ በፊት የከፈትኩት ፕሌይስቴሽኑን ነበር። ሰውዬው ጥዬው በሄድኩበት ቦታ ቆሟል፤ ካባው በነፋስ ይውለበለባል። ከመሄዴ በፊት ዞር ብዬ እንኳ የማላየው አንድ ተራ ጠላት መጥቶ ገደለው። ተነሳ፤ ሌላው ገደለው። ልሸሽ ስል መድኃኒት ጠጣሁ፤ መድኃኒት ልጠጣ ስል ዘለልኩ፤ ያውም ከገደል ጫፍ።

ሞቱ አላስጨነቀኝም፤ ይህ ጌም ሲሠራም ለመሞት ነው። የከነከነኝ ቁጥሩ ነው። በእነዚያ ወራት ከደረጃው አንድም አልጎደለም። ጉልበቱ፣ ቅልጥፍናው፣ እምነቱ፣ ሁሉም እንደተውኳቸው ተቀምጠዋል። ታዲያ የጎደለው የት የነበረ ነገር ነው? ዕቃዎቹን ስከፍት ለምን እንደሰበሰብኳቸው አላስታውስም። ይህን ክታብ ለምን አሰርኩለት? ይህን ጎራዴ ከዚያኛው ለምን አስበለጥኩት? መልሱን የሚያውቀው የጥቅምቱ እኔ ነው፤ እሱ ደግሞ ማስታወሻ አልተወልኝም። ጥቂት ምሽቶች ከታገልኩ በኋላ ወደ መነሻው ገጽ ተመልሼ «አዲስ ጨዋታ» የሚለውን ተጫንኩ።

የተሸነፈ ይነሳ

እንደ ብዙ የጅማ ልጅ ጌም የተማርኩት ፕሌይስቴሽን ቤት ነው። መርካቶ አካባቢ በነበረች ጠባብ ክፍል፣ አግዳሚ ወንበር ላይ ተጠጋግተን፣ ፔስና ፊፋ። ሂሳቡ በጨዋታ ነው፤ የተሸነፈ ይነሳል፣ ያሸነፈ ይቀጥላል። እዚያ ቤት ሁሉም ነገር ሁልጊዜ ከ0 ለ 0 ይጀምራል። ትናንት አምስት ጎል ገብቶበት የወጣው ልጅ ዛሬ ደረቱን ነፍቶ ይመጣል። ማሽኑ አያስታውሰውም። የሚያስታውሱት ጓደኞቹ ናቸው፤ እነሱ ግን ምንም አይረሱም።

እንዲህ ባለ ቤት ውስጥ ገጸ ባሕርይ እያሳደጉ ለወራት የሚጫወቱት ጌም መኖሪያ የለውም። በጨዋታ እየከፈለ ካርታ የሚያነብ ማን ነው? ማዕድን እየለቀመ ጎራዴ የሚያስሞርደውን ሰው ከኋላው ተራ የሚጠብቁት ልጆች ከነወንበሩ አንስተው ያወጡት ነበር። ስለዚህ ያገለገለ ፕሌይስቴሽን 4 ገዝቼ ቤቴ ሳስገባ ከሥዕሉ ውበት ይልቅ የማረከኝ ማሽኑ የሚያስታውሰኝ መሆኑ ነው። ኤልደን ሪንግ «መዝግብ» እስኪባል አይጠብቅም፤ ራሱ እየደጋገመ ይመዘግባል። መብራት ድርግም ብሎ ሲመለስ ማሽኑ በአግባቡ እንዳላጠፋኸው ይወቅስሃል፣ ማከማቻውን ይፈትሻል፣ ከዚያ ከነበርክበት ጥቂት እርምጃ ፈቀቅ አድርጎ ያቆምሃል። መብራት መጥቶ በሚሄድበት ቤት ይህ ከየትኛውም የሥዕል ጥራት ይበልጣል።

ነገሩ ሁልጊዜ እንዲህ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1986 በጃፓን የወጣው የመጀመሪያው ድራገን ክዌስት የተጫዋቹን ጉዞ የሚያስቀምጥበት ቦታ አልነበረውም፤ ተጫዋቹ ሊያቆም ሲል 20 ፊደል ያለው የይለፍ ቃል ይሰጠውና ደብተሩ ላይ ይገለብጣል። አንዷን ፊደል ካሳሳተ ድካሙን ውኃ በላው። በ1988 የወጣው ሦስተኛው ክፍል ጉዞውን የሚያስቀምጥ ባለ ባትሪ ካሴት ይዞ መጣ። የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ደግሞ በ15 ክፍል የተሸነሸነች ትንሽ ካርድ ነበረችው፤ ለአዲሱ ጌም ቦታ ለማግኘት አሮጌውን መደምሰስ ግድ የሚልበት ጊዜ ነበር። ሰው ከዜሮ ላለመጀመር ይህን ያህል ለፍቷል። እኔ ሁሉ ነገር በራሱ በሚቀመጥበት ዘመን፣ ማንም ሳያስገድደኝ ከዜሮ ልጀምር ነው። ይህንኑ ለአንድ የፕሌይስቴሽን ቤት ጓደኛዬ ስነግረው ሳቀብኝ። «ሳይሸነፍ የተነሳ ሰው ያየሁት አንተን ነው» አለኝ።

ጉንደላ

ሌላ መንገድ አልነበረም ወይ ለሚል ሰው፣ ነበረ። ጌሙ ራሱ ሁለት በር አዘጋጅቷል። አንደኛው ራያ ሉካሪያ የሚባለው አካዳሚ ውስጥ ነው። የአካዳሚው ንግሥት ሬናላ ከተሸነፈች በኋላ፣ ከየሥርቻው ተፈልጎ የሚገኝ አንድ ዕቃ ስታመጣላት ያሉህን ነጥቦች ሁሉ ሰብስባ እንደገና እንድትደለድላቸው ትፈቅድልሃለች። ጉልበት ላይ ያፈሰስከውን ወደ አስማት ማዞር ትችላለህ። ደረጃው ግን አይነካም፤ 120 ሆኖ የገባ 120 ሆኖ ይወጣል። ሁለተኛው በር የሚከፈተው ጌሙን ለጨረሰ ሰው ነው። ታሪኩ ከመጀመሪያው ይነሳል፣ ሰውዬው ግን ጎራዴውንም ደረጃውንም እንደያዘ ይገባል፤ ጠላቶቹም በዚያው ልክ ይጠነክራሉ። ለዚህ ዓይነቱ ዳግም ጅማሮ ስም ሰጥቶ ያስለመደው እ.ኤ.አ. በ1995 የወጣው ክሮኖ ትሪገር ነው፤ ከእሱ በኋላ የመጡ ብዙዎች ወርሰውታል።

ሁለቱም በሮች የሚሰጡት ቁጥር ነው። እኔን ደግሞ የቸገረኝ ቁጥር አልነበረም።

ልቤን ያስቆረጠኝ ጎማ ያየሁት ነገር ነው። ለቀማው እንዳለቀ አጎቴ ያረጁትን ቡናዎች መጎንደል ጀምረው ነበር፤ መጋዙን የያዝኩት እኔ ነኝ። ግንዱ ከመሬት 30 ወይም 40 ሴንቲ ሜትር ያህል ከፍ ብሎ፣ ውኃ እንዳይቋጥር ሰያፍ ተደርጎ ይቆረጣል። ከጉቶው ብዙ ቀንበጥ ይወጣል፤ ጠንከር ያሉት ሁለት ሦስቱ ተመርጠው ይቀራሉ፣ ሌላው ይነሳል። ከዚያ ምርት ለማየት ሁለት ዓመት ገደማ መታገሥ ነው፤ ማሳው በአንዴ ሳይሆን በየተራ የሚጎነደለውም ለዚህ ነው።

አንድ ጎረቤታቸው አጥሩን ተደግፈው «ነቅሎ አዲስ መትከል እያለ!» እያሉ ይሞግቷቸው ነበር። ሙግቱ ከባዶ አልተነሳም። እ.ኤ.አ. በ1971 የቡና ፍሬ በሽታ አገራችን ገብቶ ፍሬውን ሲያጠቁር፣ መልኮ ያለው የጅማ የግብርና ምርምር ማዕከል በሽታውን የሚቋቋሙ ዝርያዎች መርጦ ለገበሬው አቅርቧል፤ 74110 እና 74112 የሚባሉት የተመረጡበትን ዓመት፣ 1974ን፣ በስማቸው ይዘዋል። በሽታ የሚያጠቃውን ዛፍ ነቅሎ እነዚህን የተከለ ሰው አላጠፋም። አጎቴም አንዱን ጥግ እንደዚያ አድርገዋል። ጤነኛውን አሮጌ ግን አላስነቅልም አሉ። «ሥሩ መች አረጀ? ያረጀው ግንዱ ነው» ብለው መጋዙን ጠቆሙኝ። ከቡናው የሚከፈል የልጆች የትምህርት ቤት ወጪ እንዳለ ግን ማታ እራት ላይ ሲያጉረመርሙ ሰምቻለሁ፤ ሁለት ዓመት ያለ ፍሬ ቀላል ነገር አይደለም።

እኔም ፋሩም አዙላ ላይ ያለኝ ወፍራም ግንድ ነው። ሥሩ ጣቶቼ ውስጥ ደርቆ እንደሆነ ለማወቅ ቆርጦ ከማየት ሌላ ዘዴ አልታየኝም። አሮጌው ሰውዬ እንዳይጠፋ ሥጋት አልነበረብኝም፤ ጌሙ አሥር ሰው የሚያስቀምጥ ቦታ አለው።

ሲጀመር ከአሥር ምድብ አንዱን ትመርጣለህ። ሳሙራይ አለ፣ ሽፍታ አለ፣ ነቢይ አለ፣ ኮከብ ቆጣሪ አለ። እኔ ጎስቋላውን መረጥኩ። ደረጃው 1 ነው፤ ስምንቱም ነጥቦቹ አሥር አሥር ናቸው፤ ልብሱ ግልድም፣ መሣሪያው ዱላ። ሰውዬው ምንም ስለሌለው እኔም የማስታውሰው ጥቂት ሆነ፤ ምታ፣ ተንከባለል፣ ጠጣ። በዚህች ጥቂት ነገር ላይ ጣቴ ቀስ በቀስ ተፈታ። ሌላው ሁሉ፣ ማለትም አገሩ፣ አልጠፋኝም ነበር። የትኛው ድልድይ ሥር ማን እንደሚያደባ፣ የትኛው ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ምን እንደተቀመጠ፣ የትኛው ነጋዴ ምን እንደሚሸጥ፣ እግሬ ቀድሞኝ ይሄድ ነበር።

አጊል ሐይቅ ዳር፣ በተቃጠለው ፍርስራሽ ሥር ያለችው ሣጥን ጋ ስደርስ ቆም አልኩ። ጌሙን የተጫወተ ሁሉ ይህቺን ሣጥን አይረሳትም። ስትከፍታት ጭስ ይውጥህና ገና ልታያት የማይገባህ ኬሊድ፣ ሴሊያ ዋሻ ውስጥ ትወድቃለህ፤ ከዋሻው በእግርህ እስክትወጣ ድረስ ካርታው ወደ የትም አያሻግርህም። ስትወጣም የሚጠብቅህ ደም የመሰለ ሰማይና የበሰበሰ ምድር ነው። የመጀመሪያ ጊዜ እዚያ ያላበኝን ላብ ዛሬም አስታውሳለሁ። አሁን ሣጥኗን ዓይቻት አለፍኩ። ምንም አልተሰማኝም። እንዲያውም ያ ምንም አለመሰማቱ ትንሽ ደበረኝ።

ወርቅ የለበሰው ፈረሰኛ

ከመቃብሩ ዋሻ ወጥተህ ሊምግሬቭ ሜዳ ላይ ብቅ ስትል መንገዱ ላይ አንድ ፈረሰኛ ይመላለሳል። እሱም ወርቅ፣ ፈረሱም ወርቅ። እ.ኤ.አ. በ2022 ይህን ጌም ያወጣው ፍሮምሶፍትዌርና ዳይሬክተሩ ሂደታካ ሚያዛኪ ይህን አስፈሪ ሰው በር ላይ ያቆሙት አውቀው እንደሆነ አልጠራጠርም። አዲስ ገቢ ይሞታል፣ ደግሞ ይሞታል፣ ከዚያ በቁጥቋጦ ተከልሎ ጎን ለጎን ማለፍ እንደሚቻል ይገባዋል። «ያልቻልከውን ትተህ ሂድ፤ አገሩ ሰፊ ነው» የሚል የመጀመሪያ ትምህርት ነው። እኔም ያኔ ተምሬ አልፌ ነበር። ተመልሼ የገደልኩት ብዙ ካደግኩ በኋላ ነው፤ በጣም ብዙ ስላደግኩ እንዴት እንደገደልኩት እንኳ ትዝ አይለኝም።

በዚህኛው ዙር አላልፈውም አልኩ። አስቀድሜ ፈረሴን አገኘሁ። በሜዳው ላይ የሚያበሩትን የጸጋ ቦታዎች እየነካህ ስትሄድ ሜሊና የምትባል ሴት መጥታ የፈረሱን ፉጨት ትሰጥሃለች፤ ከዚያ ወዲያ የሰበሰብከውን ሩን ወደ ደረጃ የምትለውጥልህም እሷ ናት። ሩን ገንዘብም ልምድም ነው፤ ስትሞት የወደቅክበት ቦታ ይቀራል፣ ሄደህ ሳታነሳው ደግመህ ከሞትክ ለዘላለም ጠፋ። ሜሊና «ላሳድግህ» ብትለኝ እምቢ አልኳት። ማየት የፈለግኩት የእውቀቴን ልክ ነው፤ ነጥብ ከተቀላቀለበት አይለይልኝም።

ፈረሰኛው ጦሩን በቀኝ፣ ጋሻውን በግራ ይይዛል። ስለዚህ በጋሻው በኩል እየዞርክ ትጋልባለህ። እሱ ሲዞር ትዞራለህ፤ ሲጠጋህ ትርቃለህ። ፈረሱ ወደ ላይ ሲዘል የብዙ ሰው እጅ ቸኩሎ ይሸሻል፤ መጠበቅ ነው ያለብህ፤ ሊያርፍ ሲል በጎኑ ሾልከህ አንዴ መትተህ ትወጣለህ። አንዴ ብቻ። ሁለተኛውን ምት ያማረህ ጊዜ አለቀልህ። የእኔ ዱላ ከሕይወቱ የምትቆርጠው ፀጉር ታህል ነበር፤ የእሱ አንድ ምት ደግሞ ከእኔ የሚያስተርፈው የለም። አሮጌው ሰውዬ ቢሆን ኖሮ ከእነዚህ ምቶች ብዙዎቹን ደረቱን ሰጥቶ ይቀበላቸው ነበር። ይህኛው ደረት የለውም። ስለዚህ በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ያንን ፈረሰኛ አየሁት፤ ትከሻው ከመወርወሩ በፊት እንዴት እንደሚከፈት፣ ፈረሱ ከመዝለሉ በፊት እንዴት እንደሚያጎነብስ። ብዙ ጊዜ ገደለኝ። አንድ ምሽት ላይ ወደቀ።

ጮህኩ። በርጩማ ላይ ተቀምጦ የሚያነበው የአጎቴ ልጅ ደንግጦ መጽሐፉን ጣለ። እዚህ ጅማ እኔ ጋ እየኖረ የሚማር ነው፤ እስከዚያ ቀን ድረስ ጌሙን ከጆሮው ውጪ አድርጎት ነበር።

የፈረሰኛው ጦር፣ መጥረቢያ የተገጠመለት የወርቅ ጦር፣ በእጄ ገባ። ዕቃ ማውጫውን ከፍቼ ላስይዘው ስል ሥዕሉ ላይ ቀይ የእርማት ምልክት ተሰምሮበታል። ጉልበት 30 ይጠይቃል፣ ቅልጥፍና 14፣ እምነት 12። የእኔ ሰው አሥር፣ አሥር፣ አሥር ነው። መሸከሙን ይሸከመዋል፤ ቢመታበት ግን ከዱላው ያነሰ ነው። ባለቤቱን በዱላ ገድዬ የወሰድኩትን ጦር ማንሳት አልችልም።

እዚህ ላይ ነው ለረጅም ጊዜ ጆይስቲኩን ጭኔ ላይ አድርጌ የተቀመጥኩት። ጥር ላይ ያገኘሁት ሰውዬ ጦሩን በአንድ እጁ የሚያነሳ፣ ፈረሰኛው ፊት ግን የማይቆም ነበር፤ ቁጥር አለው፣ እጅ የለውም። ይህኛው ተቃራኒው ነው። በመጀመሪያው ጉዞ ሁለቱ አብረው ስላደጉ አንድ ነገር መስለውኝ ነበር። ደረጃዬ ከፍ ባለ ቁጥር ጎበዝ የሆንኩ ይመስለኛል፤ ጎበዝ በሆንኩ ቁጥር ደግሞ ደረጃዬ ከፍ ይላል፤ የትኛው ድል የማን እንደሆነ የሚለይበት መንገድ አልነበረም። እንደገና ስጀምር ግን ለየብቻ ቆመው አየኋቸው፤ የማውቀው ይህን ያህል፣ ያለኝ ይህን ያህል።

አባቶቻችን ከመጠምጠም መማር ይቅደም ይላሉ። ስሰማው ያደግኩት ጥምጥሙ ላይ በሚዘብት ድምፅ ነው፤ ዋናው መማሩ ነው፣ ጨርቁ ምን ያደርጋል በሚል። ጦሩን እያየሁ ግን ተረቱ ውስጥ ሌላ ነገር ታየኝ፤ ቅድሚያውን ለመማር ሰጠ እንጂ መጠምጠሙ ይቅር አላለም። ፈረሰኛውን መርታቴ የተማርኩ መሆኔን አሳየ። የጎደሉኝን ነጥቦች ግን አንዷንም አልሞላልኝም፤ እነሱ የሚሞሉት በሩን ነው፣ ሩን ደግሞ የሚገኘው በሥራ ነው። ይህ ፍትሕ የጎደለው ነገር መስሎኝ ትንሽ ተናደድኩ። አጎቴ ማታ ማታ ያጉረመረሙትም ይህንኑ ሳይሆን አይቀርም። ሥሩ ደህና መሆኑን ያውቃሉ፤ ትምህርት ቤቱ ግን ክፍያ የሚቀበለው በፍሬ ነው።

ንዴቴ ሲበርድ ሂሳብ ማስላት ጀመርኩ፤ ገጸ ባሕርይ የሚያሳድጉበት ጌም የሚጫወት ሰው መጨረሻው ሁልጊዜ ሂሳብ ነው። ጦሩን በሁለት እጅ ከያዝከው ጌሙ ጉልበትህን በአንድ ተኩል ያባዛዋል፤ ስለዚህ 30 ሳይሆን 20 ይበቃል። ለጉልበት 10፣ ለቅልጥፍና 4፣ ለእምነት 2፤ በድምሩ 16 ደረጃ። ከዚያ ደግሞ ፎርት ፋሮት ትዝ አለኝ። ኬሊድ በስተሰሜን ባለው ምሽግ ውስጥ፣ ጉልበትንና ቅልጥፍናን ጨምሮ አራት ነጥቦችን በአምስት አምስት የሚያሳድግ ክታብ አለ። ክታቡ ሲታሰር ጉልበቴ 15፣ ቅልጥፍናዬም 15 ይሆናል። ለጉልበት 5፣ ለእምነት 2፤ 16 የነበረው ወደ 7 ወረደ። ዋጋም አለው፤ ክታቡን ያሰረ ሰው የሚደርስበት ጉዳት በ15 በመቶ ይጨምራል። ቀድሞም ደረት ላልነበረው ሰው ይህ ትንሽ አይደለም።

ሄድኩ። ከማሪካ ሦስተኛ ቤተ ክርስቲያን ጀርባ በዱሩ ውስጥ የተሸሸገ መተላለፊያ አለ፤ በእሱ ከወጣህ ፈረስህን ኮልኩለህ፣ ከማንም ጋር ሳትዋጋ፣ የተኙትን ድራጎኖች አልፈህ ምሽጉ ትደርሳለህ። ደረጃ 1 የሆነ፣ ግልድም ያገለደመ ሰው በዚያ ምድር ላይ ሲጋልብ ያየ ሰው «ምን ዓይነት ጀግና ነው» ይል ይሆናል። ጀግንነት አልነበረም። በኢንተርኔት ላይ ጎስቋላውን መርጠው የሚጫወቱ ሰዎች ሲኩራሩ ስሰማ አሁን ትንሽ ያስቀኛል፤ መንገዱን፣ ምሽጉን፣ መሰላሉን፣ ክታቡ ያለበትን ጥግ ሁሉ የሚያውቅ ሰው ጎስቋላ አይባልም። ልብሱን ደብቆ የመጣ ሀብታም ነው። እውነተኛው ጎስቋላ በመጀመሪያው ጉዞዬ ጥሩር ለብሶ፣ ጋሻ ይዞ፣ ወዴት እንደሚሄድ ሳያውቅ የቆመው ሰውዬ ነበር።

የማያውቁት አገር

ጦሩን አሁን አነሳዋለሁ፤ በሁለት እጅ። ማርጊት በሩን የዘጋበት ስቶርምቬል ቤተ መንግሥት ደጃፍ ላይ ነኝ። ስለ ማርጊት ብዙ የምለው የለኝም፤ ዱላውን አንስቶ አንተ እስክትንከባለል ይጠብቃል፣ ከዚያ ይመታሃል፤ እኔም አሁን እጠብቀዋለሁ። በዚህ በኩል ዳግም መጀመሩ ከጠበቅኩት በላይ ሆኖልኛል።

በሌላ በኩል ግን የከሰርኩት አለ። የማያውቁት አገር አይናፍቅም ይባላል። እኔን የናፈቀኝ ያንን አገር የማላውቅበት ጊዜ ነው። ሚስትዉድ በሚባለው ጫካ ውስጥ ወደ መሬት ሥር የሚወርድ ሊፍት አለ። የመጀመሪያ ጊዜ ስወርድበት አላልቅ አለኝ፤ ይወርዳል፣ ይወርዳል፣ ከዚያ በሩ ሲገለጥ ከምድር በታች በከዋክብት የተሞላ ሰማይ አለ፤ በሥሩም ሲዮፍራ የሚባለው ወንዝ ይፈስሳል። ያን ቀን ዝም ብዬ ቆሜ ነበር። በዚህኛው ዙር ሊፍቱ ሲወርድ ስልኬን አውጥቼ መልእክት መለስኩ። መቼ እንደሚቆም ስለማውቅ ነው።

ቀና ያልኩት የአጎቴ ልጅ ሲናገር ነው። ከፈረሰኛው ምሽት ወዲህ ማታ ማታ በርጩማውን አጠገቤ ስቦ መቀመጥ ጀምሯል። «ቆይ ጋሼ፣ ወደ ታች አይደል እንዴ የወረድነው?» አለኝ። ተነስቶ ወደ ስክሪኑ ተጠጋ። «ታዲያ ሰማዩ ከየት መጣ?» እኔ ላስረዳው ስጀምር እጁን አወዛወዘና «ተወው፣ ተወው፣ ቁም ብቻ» አለኝ። ቆምኩለት። ሰውዬው ከዋክብቱ ሥር ጦሩን ተደግፎ ቆሞ፣ ልጁ ከግራ ወደ ቀኝ አስዙርልኝ እያለ፣ እኔ ልተኛ ነው እያልኩ መሸ።

በማግሥቱ «የራሴን ሰው ልፍጠር» አለ። ሳሙራይን ምከረው ያለኝ ያለ ይመስል ሳሙራይ ለጀማሪ እንደሚሻል አብራራሁለት፤ ኮከብ ቆጣሪውን መረጠ። ወርቁ ፈረሰኛ ጋ ሄዶ ሞተ፣ ደግሞ ሞተ። «በጋሻው በኩል ዙር» ልለው አፌን ስከፍት «ጋሼ፣ አትንገረኝ ብዬሃለሁ እኮ» አለ። ሲሰለቸው በቁጥቋጦው በኩል አድርጎ አለፈው፤ ማንም ሳይነግረው። እኔ ቡና ላፈላ ተነሳሁ። ስመለስ ከሜዳው ወርዶ አጊል ሐይቅ ዳር ደርሷል፤ በተቃጠለው ፍርስራሽ መካከል ያለውን ደረጃም አግኝቶታል።

«እዚህ ሣጥን አለ» አለኝ፣ ዞር ሳይል።

ሲኒውን አቀበልኩትና በርጩማው ላይ ተቀመጥኩ።

«ክፈተዋ!» አልኩት።